ከወጥ ቤት ወደ ሲኒማ መኪና፤ የአና ሳሉንኬ ሥራ ሲመረመር

የህንድ ሲኒማ በአምቦ፥ በጉደር፥ በጌዶና በጊንጪ ለኖረ ሰው እንግዳ ነገር አይደለም። ቪዲዮ ቤቶች በየከተማው ከተከፈቱ ወዲህ ቋንቋውን ከቶ የማያውቅ ሰው እንኳ በዘፈኑ ሲደሰት፥ በመከራውም ሲያለቅስ ታይቷል። ከዚያም አስቀድሞ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመን ብዙ የህንድ መምህራን በየጠቅላይ ግዛቱ ትምህርት ቤት ያስተምሩ ስለ ነበር፥ የህንድ ሰው መልክና አነጋገር ለተማረው የከተማ ሰው የታወቀ ነው። ዳሩ ግን ይህ ዘፈንና እንባ የበዛበት ሲኒማ ድምፅ ከማግኘቱ በፊት 18 ዓመት ያህል ዲዳ ሆኖ እንደ ኖረ፥ በዚያም ዘመን የሠሩት ሰዎች እነማን እንደ ነበሩ የሚያውቅ ጥቂት ነው። ከነዚያ ሰዎች አንዱ አስቀድሞ ወጥ ቤት፥ ቀጥሎ ንግሥት፥ በመጨረሻም ሲኒማ አንሺ ሆኖ የኖረ ነው።

ስሙ አና ሐሪ ሳሉንኬ ይባላል። «አና» በእኛ ጆሮ የሴት ስም ይመስላል፤ በማራቲ ቋንቋ ግን ታላቅ ወንድም ማለት ነውና፥ በእኛ አገር «ጋሼ» እንደ ማለት ይሆናል። ይህ ሰው በ1913 (ከዚህ በታች ስለ ህንድ የሚጠቀሰው ዘመን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) «ራጃ ሐሪሽቻንድራ» በሚባለው ሲኒማ ውስጥ የንጉሡ ሚስት ሆኖ ተጫወተ። ስለዚህም የህንድን ሲኒማ ታሪክ የሚጽፉ ሰዎች የመጀመሪያዪቱ የሲኒማ ሴት ወንድ ነበረ እያሉ በፈገግታ ያነሡታል፤ ጥቂት መስመር ይሰጡታል፤ ከዚያም ጥለውት ያልፋሉ። ፈገግታው አያስነቅፍም። የሚያስነቅፈው ከዚያ በኋላ ያለውን መርሳታቸው ነው። በመዝገቡ እንደ ተገኘው ሳሉንኬ ከ1913 እስከ 1931 ባለው 18 ዓመት ውስጥ በመኪናው ፊት ቆሞ የተጫወተው በ5 ሲኒማ ሲሆን፥ ከመኪናው በስተ ኋላ ቆሞ ያነሣው 32 ነው። እንግዲህ የሰውዬውን የዕድሜ ሙሉ ሥራ ትተው፥ ድንገት የገጠመውን ነገር ጻፉለት ማለት ነው።

ነገሩን ለመረዳት ከጌታው መጀመር ይገባል። ዱንዲራጅ ጎቪንድ ፋልኬ በ1870 በናሲክ አጠገብ በምትገኘው በትሪምባክ ከካህናት ወገን ተወለደ። በቦምባይ የሥዕል ትምህርት ቤት ተማረ፤ በባሮዳም ፎቶግራፍ ማንሣትን አጠና፤ ኋላም ማተሚያ ቤት አቋቁሞ ነበር። በ1911 በፋሲካ ሰሞን በቦምባይ ከተማ የክርስቶስን ሕይወት የሚያሳይ ተንቀሳቃሽ ሥዕል ተመለከተ። እርሱ ራሱ ኋላ እንደ ጻፈው፥ የክርስቶስ ታሪክ በዓይኑ ፊት ሲያልፍ በልቡናው ይታየው የነበረው የአገሩ የክሪሽናና የራማ ታሪክ ነው። የአገራችን ታሪክ በዚህ ጨርቅ ላይ የማይታይበት ምክንያት ምንድር ነው ብሎ ተነሣ። በ1912 ወደ ሎንዶን ሄዶ አሠራሩን አየ፤ የዊልያምሰን ፋብሪካ የሠራውን የማንሻ መኪና፥ ማለት ካሜራ፥ ገዝቶ ተመለሰ። ሚስቱ ሳራስዋቲ ጌጧን ለመያዣ ሰጠች፤ ፊልሙን መብሳትና በጨለማ ክፍል ማጠብንም ተማረች።

የቤተ ክህነት አንባቢ በዚህ ስፍራ ጥቂት ሊያስብ ይችላል። በአዲስ አበባ ተንቀሳቃሽ ሥዕል መታየት በጀመረ ጊዜ ሕዝቡ ቤቱን «የሰይጣን ቤት» ብሎ ሰየመው። በቦምባይ ደግሞ ያው ነገር አንዱን የካህናት ልጅ ለአማልክቱ ታሪክ አስነሣው፤ የራማ ሥዕል በጨርቁ ላይ በታየ ጊዜም ተመልካቾቹ ጫማቸውን ያወልቁ እንደ ነበር ይነገራል። አንዱ ሕዝብ ሸሸ፥ ሌላው ሰገደ። የአዲስ አበባን ሰው ስለ ሽሽቱ ማላገጥ የተማሩ ሰዎች ልማድ ሆኖ ነበር። ነገር ግን የሸሸውም የሰገደውም፥ ሥዕል በከንቱ ታይቶ የሚታለፍ ነገር አለመሆኑን ያወቁ ናቸው። ዛሬ ሥዕልን በቀን ሺህ ጊዜ አይቶ አንዱንም የማያስታውስ ሰው በእነርሱ ላይ ለመሣቅ ምን መብት አለው?

ፋልኬ ለሐሪሽቻንድራ ሚስት ለታራማቲ የምትሆን ሴት አጥብቆ ፈለገ። በዚያ ዘመን ለሴት በሕዝብ ፊት መጫወት እንደ ውርደት ይቈጠር ስለ ነበር፥ የምትስማማ አላገኘም፤ በመንገድ የሚያድሩ ሴቶች እንኳ እንቢ አሉት። በመጨረሻ በቦምባይ በግራንት ሮድ ካለ ምግብ ቤት ገብቶ ሲቀመጥ፥ ሰውነቱ ቀጠን ያለ እጁም ለስላሳ የሆነ አንድ ወጥ ቤት አየ። ሳሉንኬ በወር 10 ሩፒ ይከፈለው ነበር፤ ፋልኬ 15 ሩፒ እሰጥሃለሁ አለው፤ እርሱም ተስማማ። የሴት ልብስ የሚለብሱት ወንዶች ሪዛቸውን ላለመላጨት ተከራክረው ነበር ይባላል፤ በሂንዱ ልማድ ሪዝ የሚላጨው ወላጅ ሲሞት ነውና። በአገራችንም ቴአትር በተጀመረ ጊዜ የሴቱን ስፍራ የሚጫወቱት ወጣት ወንዶች ስለ ነበሩ፥ ይህ ሁሉ ለእኛ ሩቅ አይደለም።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ሐሪሽቻንድራ ቃሉን የማያጥፍ ንጉሥ ሲሆን፥ ለመናኙ ለቪሽቫሚትራ ቃል በመግባቱ ምክንያት መንግሥቱን ይተዋል፤ ሚስቱንና ልጁን ይዞ ይሰደዳል፤ እነርሱንም ያጣል። በመጨረሻ ንጹሒቱ ሚስት በሐሰት ተከሳ ስትፈረድባት፥ ሰይፉን የሚያነሣባት ራሱ ባልዋ ይሆናል። በዚያን ጊዜ አምላካቸው ተገልጦ ሰይፉን ያስቆመዋል፤ ሁሉም የመፈተኛ ሥራ ነበረ ይላል። መጽሐፈ ኢዮብን የሚያውቅ ሰው ፈተናውን በቶሎ ይረዳዋል፤ ይሁን እንጂ ልዩነት አለ። የኢዮብ ሚስት በመከራው ስታማርር፥ የሐሪሽቻንድራ ሚስት ግን ከእርሱ ጋር ተሸክማ ትሄዳለች። የሲኒማው ሸክም በታራማቲ ትከሻ ላይ ነው፤ ይህም ማለት በወጥ ቤቱ ትከሻ ላይ ነው።

ይህ ሲኒማ በቦምባይ ኮሮኔሽን በሚባለው ቤት በ3 ሜይ 1913 ለሕዝብ ታየ። ርዝመቱ 3,700 ጫማ ሆኖ አራት ጥቅል ነበር። በፑና ከተማ የሚገኘው የሲኒማ መዝገብ ቤት የያዘው የመጀመሪያውንና የመጨረሻውን ጥቅል ብቻ ነው፤ እነርሱንም ቢሆን ፋልኬ በ1917 ሁለተኛ ካነሣው የተገኙ ናቸው የሚሉ መርማሪዎች አሉ። ይህ ክርክር ለታሪክ ጸሐፊ ትልቅ ነገር ነው፤ የሥዕሉን አቀራረብ ለሚመረምር ግን ፍርዱን ብዙ አይለውጠውም።

በመጀመሪያው ጥቅል ንጉሡ ለልጁ ቀስት መወርወር ሲያስተምር፥ ንግሥቲቱ አጠገብ ሆና ትታያለች። መኪናው አይንቀሳቀስም፤ ሰዎቹም ከራስ እስከ እግር ሙሉ ሆነው ፊታቸውን ወደ ተመልካች መልሰው ይቆማሉ። የፈረንጅ ሲኒማ መርማሪዎች ይህን እንደ ድክመት ይቈጥሩታል፤ ቴአትርን በፊልም ላይ መገልበጥ ነው ይላሉ። በአዲስ ዓለም ማርያም የግድግዳ ሥዕል ፊት ቆሞ የሚያውቅ የምዕራብ ሸዋ ሰው ግን እንዲህ ብሎ አይቸኩልም። በአገራችን የቤተ ክርስቲያን ሥዕል ሥርዓት ጻድቅ በሁለት ዓይኑ ፊት ለፊት ይመለከታል፤ በጎን የሚሣለው ኃጥእ ነው። ፊት ለፊት መቆም አለማወቅ አይደለም፤ ተመልካቹን የመጥራት ሥርዓት ነው። ፋልኬም ያደገው በሥዓሊው በራቪ ቫርማ የታተሙ የአማልክት ሥዕሎች በየቤቱ በሚሰቀሉበት ዘመን ስለ ሆነ፥ ሲኒማው ከዚያ ወግ የወጣ ነው።

እንግዲህ ሳሉንኬ እንዴት ተጫወተ? እውነቱን ለመናገር ሴት አይመስልም። ትከሻው ሰፊ ነው፤ ፊቱም የወንድ ፊት ነው። ከኩሬ ውስጥ ከደንገጡሮቿ ጋር በምትታጠብበት ስፍራ፥ የረጠበ የሴት ልብስ የለበሱት ወንዶች ሁሉ የዛሬውን ተመልካች ሳያስቁት አያልፉም። ነገር ግን ሌሎቹ ሴት ለመምሰል ሲሽኮረመሙ እርሱ አይሽኮረመምም። በድምፅ አልባ ሲኒማ የሚጫወት ሰው፥ ቃል ስለሌለው በእጁና በፊቱ ሁሉን አበዝቶ ለማሳየት ይፈተናል፤ ሳሉንኬ ግን ያሳንሳል። ዝም ብሎ መቆምን ያውቃል። ይህ ችሎታ በቴአትር ቤት የተማሩ ሰዎች ያልነበራቸው ሲሆን፥ ቴአትርን ያልተማረው ወጥ ቤት ነበረው፤ ምናልባትም ስላልተማረ ነው።

በ1917 «ላንካ ዳሃን» በሚባለው ሲኒማ ከዚህ የባሰ ነገር ታዘዘ። ራማንም፥ የራማን ሚስት ሲታንም፥ ሁለቱን እርሱ ብቻውን ተጫወተ። በህንድ ሲኒማ አንድ ሰው በሁለት ሰው ስፍራ ሲጫወት ይህ የመጀመሪያው ነው። በሲታ ክንድ ላይ የራማ ጡንቻ ይታይ ነበር እያሉ ይቀልዳሉ። ተመልካቹ ግን አልቀለደም፤ በቦምባይ ሰዉ እየተጋፋ ገባ፤ የተሰበሰበውም ሳንቲም ከብዛቱ የተነሣ በበሬ ጋሪ ተጭኖ ተወሰደ ይባላል። ጫማ የማውለቁም ነገር የተነገረው ስለዚሁ ሲኒማ ነው። ጡንቻውን ያየው ዓይን እንዴት ሰገደ ብሎ የሚጠይቅ ቢኖር፥ መልሱ አስቸጋሪ አይደለም፤ በቤተ ክርስቲያን ሥዕል ፊት የሚሰግድ ሰው የቀለሙን መሰንጠቅ አያይም ማለት አይደለም፤ እያየ ይሰግዳል እንጂ።

ከዚህ በኋላ ሰውዬው ወደ መኪናው ኋላ ዞረ። ይህን ሥራ ለማወቅ የዚያን ዘመን መኪና አሠራር ማወቅ ያስፈልጋል። መኪናው ከእንጨት ሣጥን የተሠራ ሆኖ በእጅ የሚዞር እጀታ ነበረው። አንድ ጊዜ ሲዞር 8 ሥዕል ያነሣል፤ በአንድ ሴኮንድ ሁለት ጊዜ ቢዞር 16 ሥዕል ይሆናል። አንሺው እጁን ቢያፈጥን በጨርቁ ላይ ሰዎቹ ይንቀረፈፋሉ፤ ቢያዘገይ ይሮጣሉ። አንድ ጫማ ፊልም 16 ሥዕል ይይዛልና፥ 3,700 ጫማ ያለው «ራጃ ሐሪሽቻንድራ» ለብቻው ከ7,000 ጊዜ በላይ እጀታ ማዞርን ይጠይቃል፤ ይኸውም የተበላሸውና የተጣለው ሳይቈጠር ነው። የመጀመሪያውን ሲኒማ እጀታ ያዞረው ፋልኬ ራሱ ያስተማረው ትሪምባክ ቴላንግ የሚባል ሰው ነበር። ዜማ የሚመራ መሪጌታ መቋሚያውን እንደሚመታ፥ አንሺውም ቁጥሩን በልቡ ይዞ፥ በፊቱ ሰው ቢሞትም ነገሥታት ቢወድቁም እጁ ሳይናወጥ ማዞር ነበረበት።

የብርሃኑም ነገር ሌላ ፈተና ነው። የሚነሣው በፀሐይ ብርሃን ስለ ነበር፥ ደመና ሲመጣ ሥራ ይቆማል። የዚያን ጊዜው ፊልም ቀይ ቀለም አይታየውም ነበር፤ ቀይ ሁሉ ጥቁር ሆኖ ይወጣል፥ ሰማያዊ ደግሞ ነጭ ይሆናል። ቀይ የሙሽራ ልብስ የለበሰች ሴት የሐዘን ልብስ የለበሰች ትመስላለች። ስለዚህ አንሺው የሚያየውን ሳይሆን ፊልሙ የሚያየውን ማየት መቻል አለበት። ይህን ዓይን ለማግኘት ብዙ ፊልም ማበላሸት ግድ ነው። ሳሉንኬ ግን ለዓመታት ተቀብቶና ተሸልሞ በዚያ ዓይን ፊት የቆመ ነው፤ ፊቱ በጨርቁ ላይ ምን ሆኖ እንደሚወጣ በራሱ መልክ አይቶታል። ፀሐይ ፊት ለፊት ስትመታ የዓይን ሽፋሽፍት እንዴት እንደሚንቀጠቀጥ፥ እጀታው ሲዞር ምን ያህል ጊዜ ሳይተነፍሱ መቆም እንደሚቻል፥ ይህን የሚያውቅ አንሺ በዚያ ዘመን ከእርሱ በቀር ማን ነበር? የሥራው ልዩነት ከዚህ የመጣ ይመስላል።

የፋልኬ ኩባንያ በ1918 ሂንዱስታን ፊልም ተብሎ በናሲክ ሲቋቋም የሳሉንኬም ሥራ ከዚያው ጋር ሄደ። ፋልኬ ከገንዘብ ሰጪዎቹ ጋር ተጣልቶ ወደ ቤናሬስ በሄደበት ጊዜ እንኳ ኩባንያው አልቆመም። ዓይን ሁሉ የሚያርፈው በጌታው መሄድና መምጣት ላይ ነው፤ ጌታው በሌለበት ጊዜ እጀታውን የሚያዞር ሰው እንደ ነበረ ግን ማስታወስ ይገባል። በ1922 ኒራንታር የሚባል ሰው «ሳትያናራያን» የሚባለውን ሲኒማ ሲሠራ፥ ሳሉንኬ ተጫዋችም አንሺም እንደ ነበረ ተመዝግቧል። በሚቀጥለውም ዓመት የቡድሃን ታሪክ የሚናገረውን «ቡድሃ ዴቭ» አነሣ። ያ የምግብ ቤት ሠራተኛ በአሥር ዓመት ውስጥ የደረሰበት ስፍራ ይህ ነው።

ይህን ሁሉ ሥራ መርምሮ ለመፍረድ የሚያስቸግር አንድ ነገር አለ፤ ሥራው አብዛኛው የለም። በህንድ አገር በዲዳው ዘመን 1,300 ያህል ረዥም ሲኒማ ተሠርቷል፤ ከዚያ ሁሉ በሙሉም ሆነ በቁራጭ የተረፈው ሠላሳ ገደማ ብቻ ነው። የዚያን ጊዜው ፊልም እንደ ባሩድ ቶሎ የሚቀጣጠል ነበር፤ ሙቀት ያበሰብሰዋል፤ ከእሳትና ከብስባሽ የተረፈውንም ብዙዎች በላዩ ያለውን ብር አቅልጠው ለማውጣት ሸጡት። የአማልክት ሥዕል የነበረው ፊልም በሚዛን ተመዝኖ የብር ዋጋ ወጣለት። ድምፅ ያለው ሲኒማ ከመጣ በኋላ ዲዳውን ለማየት ገንዘብ የሚከፍል አልነበረምና፥ ባለቤቶቹን ብቻ መውቀስ አይገባም። ነገር ግን ወቀሳው ቢቀር ጉዳቱ አይቀርም።

የብራና መጽሐፍ ጸሐፊ በመጽሐፉ መጨረሻ ስሙን ጽፎ አንባቢው እንዲጸልይለት ይለምናል። መጽሐፉን ያጻፈው ባለጸጋ ስሙ በፊት ቢጻፍም፥ የጸሐፊው ስም ከሥራው ጋር ይኖራል። ሲኒማ ይህ ወግ ዘግይቶ የመጣለት ሥራ ነው። በአምቦ አጠገብ በቦዳ በእኛ አቆጣጠር በ1928 ዓ.ም. የተወለደው ጸጋዬ ገብረ መድኅን ገና ልጅ ሳለ በትምህርት ቤት ስለ ንጉሥ ዲዮናስዮስ ቴአትር ጽፎ፥ ንጉሠ ነገሥቱ በተገኙበት መታየቱ የታወቀ ነው፤ አምቦም በዚህ ትኮራለች፥ ልትኮራም ይገባታል። የዚያን ቀን መጋረጃውን የሳበው፥ የንጉሡን ልብስ የሰፋው ልጅ ግን ስሙ አልተጻፈም። በቴአትር እንዲህ ከሆነ፥ መጋረጃ ሳቢው ራሱ ሥዕሉን በሚሠራበት በሲኒማ ምንኛ ይብስ! አንሺው እጁን ቢያቆም ንጉሡም ንግሥቲቱም፥ የተገለጠውም አምላክ የሉምና።

ሳሉንኬን የሚያደንቁ ሰዎች አንዳንድ ጊዜ ሌላ ስሕተት ይሠራሉ፤ ከፋልኬ አስበልጠው ሊያቆሙት ይሻሉ። ይህም ልክ አይደለም። አሳቡ፥ ገንዘብ የማሰባሰቡ ጭንቀት፥ በመናፍስት መገለጥና በእሳት ነበልባል ውስጥ ያለው የማታለያ ጥበብ ሁሉ የፋልኬ ነው። ፋልኬ በ1944 በናሲክ በድህነት ሲሞት ሰው ረስቶት እንደ ነበር፥ ኋላ በ1969 የህንድ መንግሥት በስሙ ሽልማት ማቋቋሙን ማን አያውቅም። ጌታው ከመረሳት ተመልሷል። ለአሽከሩ የተሰጠው መመለሻ ግን የሴት ልብሱ ብቻ ሆነ።

በ14 ማርች 1931 «አላም አራ» የሚባለው የመጀመሪያው ተናጋሪ የህንድ ሲኒማ በቦምባይ ታየ፤ ሕዝቡም ዘፈኑን ለመስማት በር ሊሰብር ደረሰ። ከዚህ በኋላ መኪናው በሞተር የሚዞር ሆነ፤ ድምፁ እንዳይሰማም ተሸፍኖ የሚቀመጥ ሆነ። ሁለት ጊዜ በሴኮንድ እያለ በልቡ የሚቈጥር እጅ አላስፈለገም። የሳሉንኬም ስም በሲኒማ መዝገብ ውስጥ የሚገኘው እስከዚያው ዓመት ድረስ ነው።